የአሮጌው ላፕቶፕ ፎቶዎች በአንድ ገመድ

አዲስ ላፕቶፕ ቤት ሲገባ አሮጌው ለልጆች ይሰጣል ወይም ይሸጣል። ውስጡ ያሉት የሠርግ ቪዲዮና የልጆች የክርስትና ፎቶዎችስ? ብዙዎቻችን የምንሮጠው ወደ ፍላሽ ነው። በሰከንድ 10 ሜጋባይት የሚጽፍ ፍላሽ ግን 200 ጊጋባይት ለመውሰድ ከ5 ሰዓት በላይ ይፈጅበታል፤ ያውም አዲሱ ላይ መልሶ መገልበጡ ሳይቆጠር። ፋት 32 በሚባለው ፎርማት የተዘጋጀ ፍላሽ ደግሞ ከ4 ጊጋባይት የሚበልጥ ነጠላ ፋይል አይቀበልም። ረጅሙ የሠርግ ቪዲዮ፣ ፍላሹ ባዶ ሆኖ ሳለ፣ እምቢ የሚልዎት ለዚህ ነው።

መፍትሔው ምናልባት ከዋይፋይ ሳጥንዎ ጋር የመጣው የኔትወርክ ኬብል ነው። አንዱን ጫፍ አሮጌው ላይ፣ ሌላውን አዲሱ ላይ ይሰኩ። የሁለቱም መሰኪያ ጊጋቢት ከሆነ በሰከንድ 100 ሜጋባይት ያህል ሊያልፍ ይችላል፤ ያ 200 ጊጋባይት ከ1 ሰዓት በታች ያልቃል ማለት ነው። ጥቃቅን ፋይሎች ሲበዙ ወይም ሃርድ ዲስኩ ያረጀ ሲሆን ፍጥነቱ ይቀንሳል። ኢንተርኔት ግን አያስፈልግም፤ የሚቆጠር ዳታም የለም።

ቀጭኑ ላፕቶፕዎ የኔትወርክ መሰኪያ ከሌለው የዩኤስቢ ኢተርኔት አዳፕተር ይግዙ። ሁለቱም ጫፉ ጠፍጣፋው የዩኤስቢ መሰኪያ በሆነ ተራ ገመድ ግን ኮምፒውተሮቹን አያገናኙ፤ ሁለቱም ኃይል ስለሚልኩ ሊበላሹ ይችላሉ።

ዊንዶውስ ለሚጠቀሙ አሠራሩ እንዲህ ነው፦

1. ሁለቱንም ቻርጀር ላይ ይሰኩ፤ መሐል ላይ እንዳይተኙም ስሊፕ የሚለውን ያጥፉ።

2. በኔትወርክ ሴቲንግ ውስጥ ለኢተርኔቱ አይፒ አድራሻ ይስጡ፤ ለአሮጌው 192.168.10.1፣ ለአዲሱ 192.168.10.2። ሰብኔት ማስክ የሚለው ላይ በሁለቱም 255.255.255.0 ይጻፉ፤ ጌትዌይ ባዶ ይቅር።

3. አሮጌው ላይ ፋይል ኤንድ ፕሪንተር ሼሪንግ የሚለውን ያብሩ። የፎቶውን ፎልደር በቀኝ ክሊክ ከፍተው ከፕሮፐርቲስ ሼሪንግ የሚለውን ይምረጡና ሼር ያድርጉት። የሚገቡበት አካውንት ፓስወርድ ከሌለው ያብጁለት፤ ያለ ፓስወርድ ዊንዶውስ በኔትወርክ አያስገባም።

4. አዲሱ ላይ ማንኛውንም ፎልደር ከፍተው የአድራሻው መስመር ላይ \\192.168.10.1 ብለው ይጻፉ። የአሮጌውን ስምና ፓስወርድ ሲሰጡ ፎልደሩ ይመጣል።

አሁን ኮፒ ያድርጉ እንጂ ከት አያድርጉ። መሐል ላይ መብራት ቢጠፋ ወይም ገመዱ ቢነቀል ዋናው ባለበት ይቆይልዎታል። ፎቶና ቪዲዮ እንጂ የፕሮግራም ፋይሎችን አይውሰዱ፤ ቫይረስ ካለ በገመዱም ይሻገራልና።

ሲጨርሱ የሁለቱን ፎልደሮች የፋይል ብዛትና መጠን ያመሳክሩ፤ ከመጀመሪያው፣ ከመሐሉና ከመጨረሻው ጥቂት ፎቶዎችን ከፍተው ይዩ። ከዚያ ሼሪንጉን ያጥፉ፤ አይፒውንም ወደ አውቶማቲክ ይመልሱ። አሮጌውን ከመሸጥዎ ወይም ፎርማት ከማድረግዎ በፊት ደግሞ ሌላ አንድ ቅጂ በኤክስተርናል ሃርድ ዲስክ ያስቀምጡ። ላፕቶፕ ሲበላሽ ሌላ ይገዛል፤ የልጅዎ የመጀመሪያ እርምጃ ቪዲዮ ግን ዳግም አይቀረጽም።