ያጠፋነው ጨዋታ ለምን ይመለሳል?

ሥራ ውላችሁ ወደ ቤት ስትመለሱ፣ ትናንት ከስልኩ ያጠፋችሁትን ጨዋታ ልጃችሁ ዛሬም ሲጫወት ብታገኙት ለቁጣ አትቸኩሉ። ጨዋታው ከስልኩ ቢጠፋም ከጉግል ፕሌይ አካውንት ዝርዝር አልወጣም፤ ልብስን ከመስቀያ አውርዶ ሳጥን ውስጥ እንደማስቀመጥ ማለት ነው።

በየወሩ የሚከፈልበት ከሆነ ደግሞ ጉዳዩ የኪስ ነው። ጨዋታውን ማጥፋት ክፍያውን አያቋርጥም። በጉግል ፕሌይ ላይ የአካውንቱን ክብ ምልክት ነክታችሁ በቅድሚያ ክፍያውን ሰርዙ። ከዚያም በስልኩ ላይ ያልተጫኑትን የሚያሳየውን ዝርዝር ክፈቱ፤ ከዓመታት በፊት የወረዱት ሳይቀሩ ተደርድረው ታገኛላችሁ።

የልጁን አካውንት በፋሚሊ ሊንክ የምትቆጣጠሩ ወላጆችም አትዘናጉ። ቀድሞ የተፈቀደ ጨዋታ ጠፍቶ እንደገና ሲጫን ፈቃዳችሁ አይጠየቅም፤ ስለሆነም የማትፈልጉትን ጨዋታ እዚያው ለይታችሁ አግዱት።

ይህን ሁሉ ግን ልጁ ተኝቶ ሳለ በድብቅ አትፈጽሙት፤ ብዙዎቻችን የምንሳሳተው እዚህ ላይ ነው። አጠገባችሁ አስቀምጣችሁ የትኛው ይቆይ፣ የትኛው ይውጣ ብላችሁ ጠይቁት። ለወራት ደክሞ የደረሰበት ደረጃ በአንዱ ውስጥ ይኖር ይሆናልና።