አንገቱ ጠበቅ፣ አፍንጫው ላላ ይበል

ጠዋት ጠዋት ከቦሌ መድኃኔዓለም እስከ ገርጂ ባሉት የሰፈር መንገዶች ትልልቅ ውሾች ሰው እየጎተቱ ሲሄዱ ይታያል። ገመዱን የሚይዘው ብዙውን ጊዜ የግቢው ጥበቃ ወይም የቤቱ ልጅ ነው። ቀኑን ሙሉ ታስሮ የሚውል ጀርመን ሼፐርድ በር ሲከፈትለት ቢጎትት አይፈረድበትም። ጉልበቱን በሚያንቅ ሰንሰለት ለመግታት የምንሞክር ግን እኛ ነን ጥፋተኞቹ፤ ሰንሰለቱ ጉሮሮውን ይጎዳል እንጂ መራመድ አያስተምረውም።

የተሻለው መላ የራስ ማሰሪያ ነው። እ.ኤ.አ. በ1980ዎቹ አሜሪካዊው የእንስሳት ሐኪም አር ኬ አንደርሰን ከአሠልጣኟ ሩት ፎስተር ጋር «ጄንትል ሊደር» የተባለውን ሠሩ። አሠራሩ ለፈረሰኛ አገር እንግዳ አይደለም፤ ራሱ ወደዞረበት ገላው ይከተላል። አንዱ ጠፍር ከጆሮ ኋላ አንገትን ይይዛል፣ ሌላው አፍንጫ ላይ ይዞራል፣ ገመዱም ከአገጭ ሥር ይታሰራል።

ችግሩ አገጣጠሙ ላይ ነው። ብዙ ሰው አዝኖ አንገቱን ያላላል፣ እንዳያመልጠው ደግሞ አፍንጫውን ያጠብቃል። ትክክሉ ተቃራኒው ነው። የአንገቱ ጠፍር ከጆሮ ሥር ከፍ ብሎ ይቀመጥ፤ አንድ ጣት ብቻ የሚያስገባ ያህልም ይጥበቅ። እሱ ከላላ የአፍንጫው ጠፍር ወዲያ ወዲህ እያለ ቆዳውን ይልጣል፣ ውሻውም አውልቆት ያመልጣል። የአፍንጫው ጠፍር ግን አፉን በሰፊው እስኪከፍት ድረስ ይላላ። ውሻ ሙቀቱን የሚያወጣው በማለክለክ ነውና አፉ መታፈን የለበትም። አፉ የሚከፈት በመሆኑም ማሰሪያው መናከስን አይከለክልም፤ ተናካሽ ውሻ ሌላ የአፍ መከለያ ያስፈልገዋል።

ባልለመደ ውሻ ላይ አጥልቆ ወዲያው መንገድ መውጣት ግፍ ነው። አስቀድሞ ግቢ ውስጥ፣ ቁራጭ ሥጋ እየተሰጠው አፍንጫውን በራሱ ፈቃድ ያስገባ፤ ለጥቂት ደቂቃ እያደረገ ለቀናት ይለማመድ። በአውሮፕላን ማረፊያው ዙሪያ ባሉ ሰፈሮች ደግሞ አንድ ጥንቃቄ ይጨመር። ዝቅ ብሎ የሚያልፍ አውሮፕላን ያስበረገገው ውሻ በረጅም ገመድ ተፈትልኮ ሮጦ በድንገት ሲያዝ አንገቱ ይቀጫል። ስለዚህ ገመዱ አጭር ይሁን፣ በኃይልም አይነጠቅ። ከሽርሽር ሲመለስ ማሰሪያው ይውለቅ፤ ለብሶት ታስሮ አይዋል። እንደ ፐግ አፍንጫቸው ድፍጥጥ ላለ ውሾች ጨርሶ አይሆንም፤ ለእነሱ ደረት ላይ የሚታሰረው ይሻላል።

የውሻ ባለቤቶች ሆይ፣ ማሰሪያውን ገዝታችሁ ለጥበቃው ሰጥታችሁ ብቻ አትሂዱ። አብራችሁት ቁሙ፣ በጣታችሁ ለክታችሁ አሳዩት፣ የመጀመሪያዎቹን ቀናትም ራሳችሁ ይዛችሁት ውጡ። ውሻው የእናንተ ነው፤ አንገቱም፣ መንገድ ላይ የሚያገኘው ሕፃንም አደራችሁ ናቸው።