ለ«ፊደላችን በዛ» ባዮች

«የአማርኛ ፊደል ለማሽን አይመችም፤ ቁጥሩ ይቀነስ፤ ሞክሼዎቹ ይጣሉ» የሚለው ክርክር ከጽሕፈት መኪና ዘመን ጀምሮ ሲነገር የኖረ ነው። ዛሬም በሥነ ጽሑፍ ወዳጆች መካከል ሲደገም ስሰማ ዝም ማለት አልሆነልኝም። ተከራካሪዎቹን ወዳልጠበቁት ስፍራ፣ ወደ አንድ አሮጌ የቪዲዮ ጨዋታ ልውሰዳቸው።

ኒንቴንዶ እ.ኤ.አ. በ1985 ያወጣው «ሱፐር ማሪዮ ብራዘርስ» ከነሥዕሉና ከነዜማው 40 ኪሎባይት ብቻ ነው። የጀርባው ሥዕል፣ ጽሑፉም ጭምር፣ የሚገጣጠመው ስምንት በስምንት ነጥብ ከሆኑ 256 ትንንሽ ካሬዎች ነው። (ነጭ ሲሆን ደመና፣ አረንጓዴ ሲሆን ቁጥቋጦ የሚባለው አንዱ ሥዕል ነው፤ ሰምና ወርቅ ለለመደ ሰው ይህ እንግዳ አይሆንበትም።) የጨዋታውን የሥዕል ፋይል ከፍቼ፣ በስክሪኑ አናት ላይ ያለውን የእንግሊዝኛ ጽሑፍ በአማርኛ ለመተካት ምሽቶቼን የሰጠሁት በዚህ ጠባብ ስፍራ ነው።

«ማሪዮ»፣ «ዓለም» እና «ጊዜ» በእንግሊዝኛ 14 ካሬ ይዘው ነበር፤ በእኛ ፊደል 8 በቃቸው። ሙሉው የፊደል ገበታ፣ 231ዱ፣ ከነሥዕሎቹ አይገባም፤ አልክድም። ግን ሁሉንም ማን ጠየቀ? ላቲኑ የሚለቀው 26 ቦታ ነው፤ የቀረው ቃል መምረጥ ነው። ለጨዋታው ማብቂያ «ተፈጸመ» ብል አራት አዳዲስ ፊደላት መሳል ነበረብኝ። «አለቀ» ስል «ለ» ከ«ዓለም» ተገኘች፤ «ጊዜ አለቀ» ደግሞ ከዚያ ወዲያ አንድም አዲስ ሥዕል አልጠየቀም። ቤት ለመምታት ቃል ሲያማርጥ ያደረ ገጣሚ ይህን ድካም ያውቀዋል።

ይጣል የተባለው ዐይኑ «ዓ»ስ? ክብና አንድ እግር ብቻ ስለሆነ ከ«አ» ይልቅ በቀላሉ ተሳለ። ያስቸገረኝ የ«ዜ» ቀለበት ነው፤ መሐሉ ካልተከፈተ ቀለበት አይመስልም፣ ከተከፈተ ደግሞ የፊደሉን ቦታ ይሻማል።

«ቁጥሩስ ለምን በግእዝ አልሆነም?» ለሚሉኝ ወገኖችም መልስ አለኝ። የጊዜ መቁጠሪያው ሦስት ቦታ ብቻ አለው። 400 ሲሆን ፬፻ ይገባል፤ 399 ሲሆን ግን ፫፻፺፱ አራት ቦታ ይሻል። ስለዚህ አኃዙን አልነካሁትም።

«የልጅ መጫወቻ ነው» ይሉኛል። እኔ ቀን በምሠራበት ባንክ ደንበኛዬ በአማርኛ ይጠይቀኛል፤ እኔም በእንግሊዝኛ ከተሞላ ገጽ አንብቤ በአማርኛ እመልስለታለሁ። በ40 ኪሎባይት ውስጥ መቀመጫ ያገኘ ቋንቋ እዚያ ቦታ ያጣው በፊደሉ ብዛት ነው የሚለኝ ካለ፣ ካሬውን ቆጥሮ ያሳየኝ።