ቶኒ ደንጂ ለምን 12 ዓመት ጠበቀ?

ኢኮኖሚክስ ስንማር ደጋግመን ከሰማናቸው ነገሮች አንዱ ይህ ነው፦ ውድድር በበረታበት ገበያ አድልዎ ዕድሜ የለውም። ጋሪ ቤከር በ1957 ባሳተመው ሥራው (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ጎበዝ ሠራተኛን በቆዳ ቀለሙ የሚገፋ ቀጣሪ ኪሳራውን ራሱ እንደሚከፍል አስረድቷል። የተገፋውን የቀጠረ ተፎካካሪ ያተርፋላ! ሐሳቡ ያምራል። የቶኒ ደንጂ ታሪክ ግን በዚህ ሐሳብ ላይ ጥያቄ እንዳነሳ ያስገድደኛል።

ደንጂ በአሜሪካን ፉትቦል በዩኒቨርሲቲ ደረጃ ኳርተርባክ ነበር፤ ማለትም ጨዋታውን የሚመራው ኳስ አቀባይ። በ1977 ግን ክለቦች ተጫዋች ሲመርጡ ስሙን የጠራ አልነበረም። ፒትስበርግ ስቲለርስ ቢያስፈርመውም ወደ ተከላካይነት አዛወረው። እሱም በ1978 የውድድር ዘመን የተቃራኒ ቡድን ቅብብሎችን 6 ጊዜ በማቋረጥ ከቡድኑ አንደኛ ሆነ፤ የሱፐር ቦውል ዋንጫም አነሳ።

በ25 ዓመቱ ረዳት አሰልጣኝ፣ በ1984 ገና በ28 ዓመቱ የመከላከሉ ክፍል ኃላፊ ሆነ። በቃ፣ ከዚህ በኋላ ዋና አሰልጣኝነቱ የሁለት ሦስት ዓመት ጉዳይ ይመስላል አይደል? አልሆነም። ታምፓ ቤይ ሲቀጥረው 1996 ደርሶ ነበር። ከ1982 ወዲህ ከመደበኛው ውድድር አልፎ የማያውቀውን ክለብ በ6 ዓመት 4 ጊዜ ለጥሎ ማለፍ አበቃው። ሆኖም በ2002 መጀመሪያ ተባረረ።

በዚያው ዓመት ሁለት ጠበቆች፣ ሳይረስ መህሪና ጆኒ ኮክራን፣ አንድ ጥናት ይፋ አደረጉ። ስሌቱን የሠራችው የኢኮኖሚክስ ባለሙያዋ ጃኒስ ማደን ናት። በ15 ዓመት መረጃ መሠረት ጥቁር አሰልጣኞች ከነጮቹ ይልቅ በአማካይ በዓመት 1.1 ጨዋታ የበለጠ ያሸንፉ ነበር። የዓመቱ ጨዋታ 16 ብቻ እንደነበር አስታውሱ። ለእኔ ትርጉሙ ግልጽ ነው፦ በሩን ያለፉት ጥቂቶች ይህን ያህል ከበለጡ፣ ለእነሱ መመዘኛው ከሌላው ከፍ ብሎ ነበር ማለት ነው።

ታዲያ ገበያው ለምን አላረመውም? ሜዳ ላይ ያለውን ፉክክርና የባለቤቶቹን ኪስ ለይቶ ማየት ያስፈልጋል። በእንግሊዝ ፕሪሚየር ሊግ መጨረሻ የወጣ ክለብ ይወርዳል። በአሜሪካው ሊግ ግን መውረድ የሚባል ነገር የለም፤ የቴሌቪዥኑ ገንዘብም ለሁሉም እኩል ይከፋፈላል። የተሳሳተ ቅጥር ዋንጫ ቢያሳጣም ባለቤቱን አያከስርም። እንዲህ ያለ ቀጣሪ ደግሞ የሚያውቀውንና የሚመስለውን ሰው መቅጠሩ አይገርምም።

ከጥናቱ በኋላ በ2003 ሥራ ላይ የዋለው «የሩኒ ደንብ» ክለቦች ዋና አሰልጣኝ ከመቅጠራቸው በፊት ቢያንስ አንድ ነጭ ያልሆነ ዕጩ እንዲያነጋግሩ ሲጀመር ያስገድድ ነበር። «ችሎታ ብቻ ይመዘን» የሚሉ ተቃዋሚዎች አሉ። ልክ ናቸው፣ ችሎታ ይመዘን! ግን ሚዛኑ ላይ ያልወጣ ሰው እንዴት ይመዘናል? ደንቡ ቅጠሩ አይልም፣ አነጋግሩ ነው የሚለው። ድክመቱም እዚሁ ላይ ነው፤ ውሳኔውን አስቀድሞ የጨረሰ ክለብ ለይስሙላ ሊያነጋግር ይችላል። በ2022 አሰልጣኝ ብሪያን ፍሎሬስ ሊጉን የከሰሰው ይህንኑ በመጥቀስ ነው። ስለዚህ ክለቦች ማንን እንዳነጋገሩ ብቻ ሳይሆን በምን መስፈርት እንደመረጡም በጽሑፍ ማሳየት አለባቸው ባይ ነኝ።

ደንጂ በኢንዲያናፖሊስ ኮልትስ 7 ዓመት አሠልጥኖ ሰባቱንም ዓመት ጥሎ ማለፍ ገባ። በየካቲት 2007 ቺካጎን 29 ለ 17 አሸንፎ ሱፐር ቦውልን ያነሳ የመጀመሪያው ጥቁር ዋና አሰልጣኝ ሆነ። የተሸነፈው ሎቪ ስሚዝም ጥቁር ነበር፤ ታምፓ ላይ የደንጂ ረዳት ሆኖ ሠርቷል። አንድ ሰው በሩን ሲያልፍ ሌላውንም ይዞ ይገባል። እነዚያ 12 ዓመታት የደንጂ ብቻ ኪሳራ እንዳልነበሩ የሚገባን ያኔ ነው።