ሸክላው ምንጭ ይጥቀስ

ባለፈው ሰሞን አንድ ካፌ ውስጥ ተሰባስበን ነበር። ጥግ ላይ የሸክላ ማጫወቻ አለ። አጠገቡ የቆመው ልጅ ሸክላውን ከሽፋኑ ሲያወጣ አራስ ሕፃን የሚያነሳ ነው የሚመስለው። መርፌውን ቀስ አድርጎ አሳረፈና የኃይሉ መርጊያ አኮርዲዮን ቤቱን ሞላው። ከዚያ ወደ እኛ ዞሮ፣ ‹‹ስሙት እንግዲህ! የድሮ ሸክላ ማለት ይሄ ነው። ይሄን ሙቀት ሲዲ ላይ አታገኙትም›› አለን። እኛም ራሳችንን ነቀነቅን። ሙዚቃው ደስ ይላል፣ ማን ይከራከራል?

ነገሩ የተበላሸው ቤታችን ስንገባ ነው። የሰማነው አልበም፣ ማለትም ‹‹ሸሞንሟናዬ›› ያለበት የኃይሉ መርጊያ ሥራ፣ እ.ኤ.አ. በ1985 ሲወጣ በካሴት ነው የወጣው። በሸክላ የታተመው በ2013 ነው፤ ያውም አንድ አሜሪካዊ የካሴት ሰብሳቢ ባሕር ዳር ላይ ካሴቱን አግኝቶ ከወደደው በኋላ። ‹‹የድሮ ሸክላ›› የተባለልን ነገር ድሮ ሸክላ አልነበረም ማለት ነው። እኛ ግን ነቅንቀናል። ጋዜጠኝነት ተምረን፣ ጋውን ለብሰን፣ ፎቶ ተነስተን፣ መጨረሻ ላይ አንድ ካፌ ውስጥ ምንጩ ያልተጣራ ወሬ ዋጥን።

ትምህርት ቤት ከሁሉ በፊት የተማርነው ጥያቄ እኮ ‹‹ምንጭህ ማነው?›› የሚለው ነበር። ዛሬም የምንጽፈው ይህንኑ ጥያቄ ይዘን ነው። ሙግታችን አጭር ነው። አንድ ሸክላ ድምፁ ጥሩ የሚሆነው ሸክላ ስለሆነ አይደለም። ከምን ተቀዳ? ማን አዘጋጀው? እንዴት ታተመ? በምን ተጫወተ? እነዚህን ሳይጠይቁ ‹‹ሸክላ ይሻላል›› ማለት ጋዜጣው የታተመበት ወረቀት ስላማረ ዜናው እውነት ነው እንደማለት ነው።

‹‹እናንተ ጆሮ ስለሌላችሁ ነው፤ ጆሮ ያለው ሰው ይለየዋል›› የሚሉን አሉ። መልካም፤ ጆሮ አለን ያሉት ምን እንደገጠማቸው እንይ። አሜሪካ ውስጥ ሞባይል ፊደሊቲ የሚባል ኩባንያ አለ፤ ታላላቅ አልበሞችን ከማስተር ቴፕ እየቀዳ በውድ ሸክላ የሚያሳትም። አንዳንዶቹ ሸክላዎቹ ከ100 ዶላር በላይ ይሸጣሉ። ገዢዎቹ ‹‹ዲጂታል የሚባል ነገር አልነካውም›› ብለው የሚምሉበት ስም ነበር። እ.ኤ.አ. በ2022 ኩባንያው የማይክል ጃክሰንን ‹‹ትሪለር›› በ40 ሺህ ቅጂ ሊያሳትም መሆኑን ሲያስታውቅ የሚያሰላስሉ ሰዎች ተጠራጠሩ፦ አንድ ዋና ቴፕ ያን ሁሉ ሕትመት ለማዳረስ ስንት ጊዜ ሊጫወት ነው? በዚያው ዓመት ሐምሌ ላይ በአሪዞና ፊኒክስ የሸክላ መደብር ያለው ሰው ነገሩን አደባባይ አወጣው፤ የኩባንያው ባለሙያዎችም አመኑ። ከ2011 ጀምሮ ብዙዎቹ ሸክላዎች በመሃል ዲኤስዲ በሚባል ዲጂታል ቅጂ ያለፉ ነበሩ። ክስ ተመሠረተ፤ እስከ 25 ሚሊዮን ዶላር የሚደርስ የካሣ ስምምነት ላይ ተደረሰ።

እኛን የገረመን ውሸቱ አይደለም፤ ነጋዴ ቃሉን ሲያጥፍ የመጀመሪያው አይደለም። የገረመን ከአሥር ዓመት በላይ እነዚያ ‹‹ጆሮ ያላቸው›› ሰዎች ዲጂታሉን ሳይለዩት፣ ይባስ ብለው የንጹሕ ሸክላ ምሳሌ እያደረጉ ማወደሳቸው ነው። ጆሯቸው ግን አልዋሻቸውም። የሰሙት ድምፅ በእርግጥም ያምር ነበር። የዋሻቸው ‹‹ጥሩ ከሆነ ዲጂታል ሊሆን አይችልም›› የሚለው እምነታቸው ነው።

አሁን ወደ ሸክላው ገመና እንግባ። 33 የሚባለው ትልቁ ሸክላ ሁሌ በእኩል ፍጥነት ይሽከረከራል፤ በመርፌው ሥር የሚያልፈው ቦይ ግን እኩል አይሮጥም። ዳር ላይ በሴኮንድ 51 ሴንቲ ሜትር ያህል ያልፋል፤ መሃል ሲደርስ ወደ 21 ይወርዳል። ያው አንድ ሴኮንድ ሙዚቃ ከግማሽ ባነሰ ቦታ ይጨናነቃል ማለት ነው። ስለዚህ የየገጹ የመጨረሻ ዘፈን ላይ ድምፃዊው ‹‹ስ›› እና ‹‹ሽ›› ሲል እንደሚጠበስ ዘይት ይንጫጫል። እንደ አማርኛ በ‹‹ጭ›› እና በ‹‹ጽ›› የሚተኩስ ቋንቋ ደግሞ ምን እንደሚሆን አስቡት። በአንድ ገጽ ብዙ ደቂቃ ለማሳደር ሲባል ቦዮቹ ይቀጥናሉ፤ ድምፁ ይደክማል፤ የሸክላው ኮሽታ ጎልቶ ይሰማል። በጣም ለስላሳ በሆነውና በጣም ጮኾ በሚሰማው መካከል ያለው ርቀት በጥሩ ሸክላ 60 እና 70 ዴሲቤል ገደማ ሲሆን፣ በሲዲ 96 ይደርሳል። የመሃል ቀዳዳው ትንሽ ከተዛባ ደግሞ ረዥም ድምፅ ሁሉ ይዋዥቃል። ማህሙድ አህመድ ድምፁን ሲያርገበግብ የትኛው የእሱ ጥበብ፣ የትኛው የተዛባው ቀዳዳ ሥራ እንደሆነ መለየት ያስቸግራል።

‹‹ታዲያ ሸክላ አትግዙ ነው የምትሉን?›› በፍጹም። ሲዲም ቅዱስ አይደለም። የሜታሊካ ‹‹ዴዝ ማግኔቲክ›› እ.ኤ.አ. በ2008 ሲወጣ ሲዲው እንዲጮህ ሲባል ድምፁ እስኪሰነጠቅ ተጨፍልቆ፣ አድናቂዎቹ ለቪዲዮ ጌም የተዘጋጀው ቅጂ ይሻላል ብለው ተነሱ። በጥንቃቄ የተዘጋጀ ሸክላ በግድየለሽነት የተዘጋጀ ሲዲን ያስከነዳል። ያ የሚሆነው ግን ያዘጋጀው ሰው ስለተጠነቀቀ ነው። ሙግታችንም ይኸው ነው።

ይህን ሁሉ ከማውራታችን በፊት ራሳችንን ፈትነናል። የአንዳችን አጎት የድሮ 45 ሸክላዎች አሏቸው፤ በቆርቆሮ ሣጥን፣ በጋዜጣ ተጠቅልለው። አንዱን የማህሙድ ሸክላ በራሳቸው ማጫወቻ አጫውተን ወደ ኮምፒውተር ቀዳነው። ከዚያ ሸክላውንና ቅጂውን በአንድ ስፒከር፣ በእኩል ድምፅ፣ ከመጋረጃ ጀርባ እያፈራረቅን አሰማን። እኩል ድምፅ ያልነው በምክንያት ነው፤ ትንሽ ጮኽ ያለው ሁሌም የተሻለ ይመስላልና። ስድስት ሆነን እያንዳንዳችን አሥር አሥር ጊዜ ገመትን። ሳንቲም ብንወረውር ኖሮ ውጤቱ ያው ነበር። ያ የተወራለት ‹‹ሙቀት›› ኮምፒውተሩ ውስጥም ገብቶ ቁጭ ብሏል።

ጋሼ እስከ መጨረሻው ዝም ብለው ቆዩና፣ ‹‹ልጆች፣ ሁለቱም ልክ አይደሉም›› አሉ።

‹‹እንዴት ጋሼ?››

‹‹ፈጥኗል። ማህሙድ እንዲህ ቀጭን ድምፅ የለውም።››

ሳቅን። የዕድሜ ነገር ነው ብለን። ጋሼ ግን አልተዉንም፤ ‹‹ቁጠሩት›› አሉ። ሸክላው ላይ ትንሽ ወረቀት ለጥፈን፣ የሞባይል ሰዓት ይዘን አንድ ደቂቃ ቆጠርን። 45 ጊዜ መዞር የነበረበት ሸክላ 47 ጊዜ ዞረ። ከ4 በመቶ በላይ ፈጥኗል ማለት ነው፤ ዘፈኑን ከቁልፉ ፈቀቅ ለማድረግ ይበቃል። ስድስት ምሩቅ ስለ ሙቀትና ስለ ቅዝቃዜ ስንጨቃጨቅ፣ ዘፋኙን መድረክ ላይ ያዩት አንድ ሰው ትልቁን ስሕተት በጆሯቸው ያዙት። ጋሼ ስለ ዴሲቤል አያውቁም። ዘፈኑን ግን ያውቁታል። ድምፅን የሚዳኝ ሰው መጀመሪያ የሚያስፈልገው ይሄ ነው ብለን አምነን ወጣን።

ይህ ሁሉ ጭቅጭቅ የጥቂት ዘናጮች ጨዋታ ቢሆን ባልደከምንበት ነበር። ግን የሚመለከተው የራሳችንን ድምፅ ነው። አምሃ እሸቴ በሃያዎቹ ዕድሜ ያለ ወጣት ሆኖ፣ ሸክላ የማሳተም መብት የሀገር ፍቅር ብቻ በነበረበት ዘመን ደፍሮ ገባበት። እ.ኤ.አ. ከ1969 እስከ 1975 ባሉት ዓመታት 103 ትንንሽና 12 ትልልቅ ሸክላዎች አወጣ፤ ሕንድ፣ በኋላም ሊባኖስና ግሪክ እያሳተመ። ከዚያ አብዮት መጣ፤ እሱም አገር ለቆ ሄደ፤ ካሴት ሸክላን ተካ። በ1997 በፈረንሣይ የተጀመረው ‹‹ኢትዮፒክስ›› ተከታታይ ሲዲ ባይመጣ ኖሮ ከእኛ ዕድሜ ስንቱ ያንን ሙዚቃ ይሰማ ነበር? ልብ በሉ፦ ያንን የ‹‹ሸክላ ዘመን›› ወርቅ ለዓለም ያሰማው ሲዲ ነው።

ዛሬ እነዚያ ዘፈኖች እንደገና በሸክላ እየታተሙ በውጭ ምንዛሪ ይሸጣሉ። ጥሩ ነው፤ ባለሙያዎቹም ድርሻቸውን ያግኙበት። እኛ የምንጠይቀው አንድ መስመር ብቻ ነው። ሽፋኑ ጀርባ ላይ ‹‹ከዋናው ቴፕ››፣ ‹‹ከካሴት›› ወይም ‹‹ከአሮጌ ሸክላ የተቀዳ›› ተብሎ ይጻፍ። ከአሮጌ ሸክላ መቅዳት ነውር አይደለም፤ ቴፑ ከጠፋ ሌላ ምን ይደረጋል? ነውሩ መደበቁ ነው። ከተደበቀ ገዢው የተፋቀውን ቦይ ጩኸት ‹‹የዘመኑ ድምፅ›› ብሎ ይለምደዋል። ቀጥሎ የእኛ አባቶች እንዲህ ደብዛዛ አድርገው ነበር የሚቀዱት ይባላል። የመርፌና የአቧራ በደል በሙዚቀኞቹ ይላከካል ማለት ነው። በተሳሳተ ፍጥነት የተቀዳማ የአንድን ዘፋኝ ድምፅ ለዘላለም የሌላ ሰው ያደርገዋል።

ሁለተኛው ልመናችን ለእናንተ ነው፣ ቤታችሁ ሣጥን ውስጥ ሸክላ ላላችሁ። ሰብሳቢ መጥቶ ጥሩ ዋጋ ሲጠራላችሁ አትሽጡ አንልም፤ ኑሮውን እናውቀዋለን። ግን ከመሸጣችሁ በፊት እጠቡት፤ ያልደነዘዘ መርፌ ፈልጉ፤ ፍጥነቱን ቁጠሩ፤ ቅዱት። ስትቀዱም ሸክላው ላይ ያለውን ቁጥርና በምን እንደቀዳችሁት ጻፉ። ሸክላው ቢሄድ ድምፁ ይቀራል። ግድግዳ ላይ ለጌጥ የተሰቀለ፣ ወይም ባሕር ማዶ መደርደሪያ ላይ የተቆለፈ ሸክላ ግን ለማንም አይዘፍንም።

ለካፌው ልጅም ቂም አልያዝንም። በሚቀጥለው ሳምንት ተመልሰን እንሄዳለን፤ ማኪያቶውም ጥሩ ነው። ‹‹ስሙት እንግዲህ!›› ሲለን እንሰማለን። ራሳችንን ከመነቅነቃችን በፊት ግን ሽፋኑን ተቀብለን ጀርባውን እናነባለን። በዚህ አልስማማም የሚል ካለ ሙግቱን በደስታ እንቀበላለን፤ ሸክላውን፣ መጋረጃውንና ጋሼን የሚያህል አንድ ሰው ይዞ ይምጣ።