ቴሌብር ዘመድ አይጠይቅም



ከኦሎምፒያ እስከ ካዛንቺስ ባሉት ፎቆች ውላችሁ ማታ ወደ ኪራይ ቤታችሁ የምትገቡ ወንድሞችና እህቶች! ብቸኝነት በረታብን ትላላችሁ። እናምናችኋለን። «የፈረንጅ በሽታ ነው» የሚሏችሁን አትስሟቸው። የዓለም ጤና ድርጅት በ2025 እ.ኤ.አ. ባወጣው ሪፖርት በዓለም ላይ ከ6 ሰዎች 1ዱ በብቸኝነት ይጠቃል፤ በድሃ አገሮች ደግሞ ቁጥሩ ከሀብታሞቹ በእጥፍ ይበልጣል።

የማንቀበላችሁ ሰበባችሁን ነው።

«ከተማው በታተነን» ትላላችሁ። እውነት ነው፣ ካዛንቺስ በ2017 ዓ.ም. በኮሪደር ልማት ሲፈርስ ብዙ ነባር ነዋሪ ወደ ገላን ጉራ ሄዷል። አብሮ ቡና የሚጠጣው ጎረቤት፣ ለቅሶ የሚደርሰው እድርተኛ ተለያይቷል። ይህ ቀላል ጉዳት አይደለም። ነገር ግን ዶዘር ያፈረሰው ቤት ነው። አክስትህ አሁንም አክስትህ ናት፤ አዲሱን ቤቷን እስካሁን ካላየኸው ጥፋቱን በመንገድ ሥራ አታሳብብ።

«በየወሩ ብር እልክላታለሁ» የሚል መልስ ይመጣል። ቴሌብር በ2013 ዓ.ም. ሥራ ከጀመረ ወዲህ መላክ የደቂቃ ጉዳይ ሆኗል፤ ማሻአላህ፣ ላኩ። ለችግረኛ ዘመድ የሚሰጥ ሶደቃ ሁለት ምንዳ እንዳለው፣ የሶደቃም የዝምድናም፣ ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) አስተምረዋል። ብር ዘይትና ጤፍ ይገዛል። የአክስትህ ዓይን እየደከመ መሆኑን ግን አይቶ አይነግርህም። መድኃኒቷን ማቋረጧን፣ ከጎረቤት አለመላመዷን የሚያውቀው አጠገቧ የተቀመጠ ሰው ብቻ ነው።

«እነሱስ መቼ ጠየቁኝ?» የሚለው ከሁሉም የከፋው ነው። ዝምድናን ቀጠለ የሚባለው ለጠየቀው ብድር የሚመልሰው ሳይሆን ሲቆርጡት የሚቀጥለው እንደሆነ በሶሒሕ ሐዲስ ተነግሮናል። ሒሳብ እያወራረዱ ዘመድ መሆን የለም።

ቤተሰባችሁ ወሎ ወይም ጅማ ከሆነ ደውሉ፤ በጽሑፍ ሳይሆን በድምፅ፣ ጊዜ ሰጥታችሁ። አዲስ አበባ ውስጥ ዘመድ ያላችሁ ግን ምን ትጠብቃላችሁ? ገላን ጉራ ሩቅ ነው፣ ታክሲ መቀያየር ያስፈልጋል። ይሁን! ካፌ ተቀምጣችሁ ስልክ ስትነካኩ የሚያልፈው እሁድ ከዚያ ይረዝማል። በዚህ ሳምንት አንድ ዘመድ ምረጡ፣ ሂዱ፣ ቡናው እስኪያልቅ ተቀመጡ።

አላህ ዝምድናን ከሚቀጥሉት ባሮቹ ያድርገን። ወላሁ አዕለም።