ያረጀ መኪናና የጥገናው መጽሐፍ

በጥር ወር 2016 ዓ.ም. የትራንስፖርትና ሎጂስቲክስ ሚኒስቴር፣ በኤሌክትሪክ የሚሠራ ካልሆነ በቀር አውቶሞቢል ወደ አገራችን እንዳይገባ መወሰኑን ባስታወቀ ጊዜ፣ ብዙ ሰው የተነጋገረው ስለሚመጣው አዲስ መኪና ነበር። ስለ ነባሩ መኪና የተናገረው ግን ጥቂት ነው። ነገር ግን በቤንዚን የሚሄደው አሮጌ መኪና በዚያው ቀን ከመንገድ አልወጣም፤ እንዲያውም ምትኩ በቀላሉ የማይገኝ ሲሆን ባለቤቱ ዕድሜውን ለማራዘም አብዝቶ መጣሩ አይቀርም። እንግዲህ ዛሬ ልንመረምረው የፈለግነው ጥያቄ ይህ ነው፤ አሮጌው መኪና ገና ብዙ ዓመት የሚያገለግለን ከሆነ፣ እንዴት እንደሚጠገን የሚያስረዳው ዕውቀት ከወዴት ይገኛል?

ለምሳሌ ያህል ሕዝባችን በአጭሩ ቮልስ እያለ የሚጠራትን ጀርባዋ ጐበጥ ያለውን ቮልስዋገን እንውሰድ። ይህች መኪና ከ21 ሚሊዮን በላይ ከተሠራች በኋላ፣ የመጨረሻይቱ በአውሮፓ አቈጣጠር በ2003 ዓ.ም. ከሜክሲኮ ፋብሪካ ወጥታለች። ይሁንና በአዲስ አበባ ጐዳናዎች ላይ ዛሬም ስትሄድ እናያታለን። ሞተርዋ ውሃ የማይፈልግና በነፋስ የሚቀዘቅዝ፣ አሠራሩም ያልተወሳሰበ ስለሆነ፣ ጥቂት መሣሪያና ትዕግሥት ያለው ሰው በገዛ እጁ ብዙ ሥራ ሊሠራላት ይችላል።

ቀላል ነው ማለት ግን በግምት ይሠራል ማለት አይደለም። በኋለኞቹ የቮልስ ሞተሮች የቫልቮቹ ክፍተት 0.15 ሚሊ ሜትር ነው፤ የሚለካውም ሞተሩ ፈጽሞ በቀዘቀዘ ጊዜ ነው። ክፍተቱ ከመጠን በላይ ከጠበበ ቫልቩ በሚገባ ሳይዘጋ ይቀርና ይቃጠላል፤ ከሰፋም ይንኳኳል፣ ኃይሉም ይቀንሳል። የአንድ ሚሊ ሜትርን መቶኛ በጣቱ ዳስሶ የሚያውቅ ሰው እስካሁን አልተወለደም።

እኛም ይህን የተማርነው በኪሳችን ነው። ከዓመታት በፊት አንድ ጋራዥ ገብተን፣ ችኰላ ስለ ነበረብን፣ ሞተሩ እንደ ጋለ ቫልቮቹ እንዲስተካከሉ አደረግን። ከጥቂት ሳምንታት በኋላ አንደኛው ቫልቭ ተቃጠለ፤ የጥገናው ሒሳብም ከወር ደመወዛችን በለጠ። መካኒኩን ለመውቀስ አንደፍርም፤ ያጣደፍነው እኛው ነበርን። መጽሐፉን አስቀድመን ብናነብ ኖሮ ግን ሞተሩ እስኪበርድ ድረስ አንድ ሌሊት መታገሥ አያቅተንም ነበር።

የጥገና መጽሐፍ ሁለት ዓይነት ነው። አንደኛው ፋብሪካው ለራሱ ሠራተኞች የሚያዘጋጀው ሲሆን፣ ሁለተኛው ለመኪናው ባለቤት ተብሎ የሚጻፈው ነው። በዚህ በሁለተኛው የታወቀው እንግሊዛዊው ጆን ሄይንስ በአውሮፓ አቈጣጠር በ1966 ዓ.ም. ኦስቲን ሂሊ ስፕራይት ስለሚባለው መኪና የመጀመሪያውን መጽሐፍ አሳተመ። ዘዴውም መኪናውን እስከ መጨረሻው ፈታቶ መልሶ መግጠምና እያንዳንዱን ደረጃ በፎቶግራፍ ማሳየት ነበር። በ1969 ደግሞ አሜሪካዊው ጆን ሚዩር፣ መፍቻ ጨብጦ የማያውቅ ሰው እንኳ ሊረዳው የሚችል የቮልስዋገን መጽሐፍ አወጣ።

ዛሬ ግን ሁኔታው እየተለወጠ ነው። የሄይንስ ድርጅት በ2020 አዲስ ለሚወጡ መኪናዎች የሚሆን መጽሐፍ ማተሙን እንደሚያቆም አስታወቀ። ብዙ ፋብሪካዎችም ዕውቀታቸውን በኢንተርኔት አማካይነት ለከፋይ ብቻ የሚያሳዩ ሆነዋል። የአውሮፓ ኅብረት በ2007፣ የአሜሪካው የማሳቹሴትስ ግዛት በ2012 ፋብሪካዎች የጥገናውን መረጃ ለውጭ ጠጋኞችም እንዲሰጡ በሕግ ያስገደዱት በከንቱ አይደለም፤ መጽሐፉን የያዘ ገበያውን እንደሚይዝ ስላወቁ ነው። በዚህ ረገድ የአሮጌ መኪና ባለቤት ዕድለኛ ነው ለማለት ይቻላል፤ የእርሱ መኪና መጽሐፍ በወረቀት ታትሞ ስለ ነበር፣ ፈልጎ ሊያገኘው ይችላልና።

ፈላጊው ግን የሚፈልገውን ለይቶ ይወቅ። ከሁሉ አስቀድሞ ሊብሬውን ከመኪናው ጋር ያመሳክር። በቮልስ የሻንሲው ቍጥር ከኋላ መቀመጫ ሥር፣ የሞተሩ ቍጥር ደግሞ ከዲናሞው በታች ተመትቶ ይገኛል። ሁለቱንም መመልከት የሚያስፈልገው በረጅም ዘመን ውስጥ ብዙ መኪናዎች ሞተር ስለሚቀይሩ ነው፤ አካሉ ሽማግሌ፣ ሞተሩ ጐልማሳ ሊሆን ይችላል። የቀድሞዎቹ በ6 ቮልት፣ የኋለኞቹ በ12 ቮልት የሚሠሩ ስለሆኑ፣ የአንዱን የኤሌክትሪክ ሥዕል ለሌላው መጠቀም ጉዳት ያመጣል። ቶዮታ ያለውም ሰው፣ ኩባንያው የሞተሩን መጽሐፍ ከሻንሲውና ከቦዲው መጽሐፍ ለይቶ ያትም እንደ ነበር ይወቅ። በስልክ የሚገኘውን ቅጂ የሚወስድ ደግሞ ገጾቹ ያልጐደሉ መሆናቸውን ይመርምር።

መጽሐፍ ተገኘ ተብሎ ሁሉን መድፈር እንደማይገባም ማሳሰብ እንወዳለን። በክሪክ ብቻ ከተነሣ መኪና ሥር መግባት ሕይወትን ያሳጣል። ፍሬን የነካ ጀማሪም ወደ መንገድ ከመውጣቱ በፊት ሥራውን ለባለሙያ ያሳይ፤ የፍሬን ስሕተት የሚከፈለው በባለቤቱ ሕይወት ብቻ አይደለምና።

ትልቁ ችግራችን ግን ከዚህም ያልፋል። መጽሐፎቹ የተጻፉት በባዕድ ቋንቋ ነው። የእኛ መካኒክ ካንዴላውንና ፍሪሲዮኑን ከጌታው አይቶ፣ ድምፁንም በጆሮው ለይቶ ያውቃል፤ ቍጥሩን የያዘው መጽሐፍ ግን ከእጁ አልገባም። እንግሊዝኛ የሚያነበው ተማሪ በበኩሉ መፍቻ አልጨበጠም። ሁለቱ ሳይገናኙ በመቅረታቸው የምንከፍለው በየጊዜው በሚቃጠል ቫልቭና በሚበጠስ ብሎን ነው።

ስለዚህ ተማሪዎችና ወጣት ባለሥልጣኖች የሆናችሁ አንባቢዎቻችን፣ ሙሉውን መጽሐፍ ተርጕሙ አንላችሁም። የአባታችሁን ወይም የራሳችሁን መኪና መጽሐፍ ፈልጋችሁ፣ ልኮቹ የተዘረዘሩበትን አንዱን ገጽ ብቻ፣ መካኒኩ በሚያውቃቸው ቃላት ወደ አማርኛ መልሱና ከጋራዡ ግድግዳ ላይ እንዲለጥፈው ስጡት። ቃላቱን ስትጠይቁት እናንተም ከእርሱ ትማራላችሁ። በቃል ያለ ይረሳል፣ በመጽሐፍ ያለ ይወረሳል የተባለው ለታሪክ ብቻ ሳይሆን ለ0.15 ሚሊ ሜትርም ጭምር ነው።